ኹንሳው በየትኛው ሰፍ ይቁም?

ቢስሚላሂ ረሕማኒ ረሒም። ምስጋና ለዓለማት ጌታ ለአላህ (ሱ.ወ.) ይገባው፤ ሶላትና ሰላም በነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ ይሁን።



እ.ኤ.አ. በሜይ 2016 በፓኪስታን፣ በፔሻዋር ከተማ አንድ ሰው በጥይት ተመቱ። ሰውየው ልበል ሴትዮዋ? ነገሩ የተበላሸው እዚሁ ላይ ነው። እኚህ ሰው በዚያ አገር «ኸዋጃ ሲራ» ከሚባሉት ወገን ነበሩ፤ እንደ ወንድ ተወልደው እንደ ሴት የሚኖሩ። ደማቸው እየፈሰሰ ሆስፒታል ሲደርሱ፣ ጓደኞቻቸው ኋላ እንደተናገሩት፣ ሠራተኞቹ በወንዶች ክፍል ይተኙ ወይስ በሴቶች ክፍል እያሉ ሲከራከሩ ውድ ጊዜ ባከነ። ከቀናት በኋላ ሞቱ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ላስቀድም፤ አማርኛችን «አንቱ» እና «እርሳቸው» የሚሉ ቃላት አሉት፤ ወንድና ሴት አይለዩም፣ ክብር ግን ይሰጣሉ። በዚህ ጽሑፍ የምጠቀምባቸው ለዚያ ነው።

ይህን ወሬ ባነበብኩ ጊዜ ወዲያው ትዝ ያለኝ «አል-ሂዳያ» ነው። የፔሻዋር ሕዝብ በመዝሀቡ ሐነፊ ነው፤ በዚያ አካባቢ ባሉት መድረሳዎች ደረሳው ሁሉ የሚቀራው ኪታብ ሂዳያ ነው። ጸሐፊው ኢማም ቡርሃኑዲን አል-መርጊናኒ (አላህ ይዘንላቸው) የሞቱት እ.ኤ.አ. በ1197 ነው። በኪታቡ መጨረሻ አካባቢ ስለ ኹንሳ ብቻ የተጻፈ ምዕራፍ አለ። ኹንሳ ማለት በእኛ ቋንቋ ፍናፍንት የምንለው፣ የወንድም የሴትም ምልክት ይዞ የተወለደ ሰው ነው፤ ነገሩ ጨርሶ ያልለየለት ከሆነ ደግሞ «ኹንሳ ሙሽኪል» ይባላል። ታዲያ ኢማሙ በዚያ ምዕራፍ መጀመሪያ ላይ ከሚያነሷቸው ጉዳዮች አንዱ ምንድን ነው? ኹንሳው ከኢማም ኋላ ለሶላት ሲቆም በየትኛው ሰፍ ይቁም የሚል ነው። መልሱም ከወንዶች ሰፍ በኋላ፣ ከሴቶች ሰፍ በፊት ይቁም ነው።

እንግዲህ አስተውሉ። ከስምንት መቶ ዓመታት በላይ አስቀድሞ አንድ የፊቅህ ሊቅ ለዚህ ሰው በመስጂድ ውስጥ ቦታ ሰጥተዋል። በዘመናችን ግን፣ መኪናና መብራት ባለበት ከተማ፣ ያንኑ ኪታብ በሚቀራ ሕዝብ መካከል፣ እየሞተ ላለ ሰው አልጋ የት ይዘርጋ የሚለው ጥያቄ መልስ አጣ። ሰዎቹ ሸሪዓውን ያውቁታል ወይስ ስሙን ብቻ ይዘዋል?

ወደ ምዕራፉ ልመለስ፤ የዘመናችን አንባቢ ብዙም አይቶት የማያውቅ ስለሆነ ትንሽ ልቆይበት። ኹንሳው ሲሰግድ ራሱን ይሸፍን፣ ሲቀመጥም እንደ ሴት ይቀመጥ ይላል። ወንዶችም፣ ኹንሳም፣ ሴቶችም በአንድ ቀን ሞተው ጀናዛቸው በአንድነት ቢሰገድበት፣ የወንዱ ጀናዛ ለኢማሙ ቀረብ ብሎ፣ ቀጥሎ የኹንሳው፣ ከዚያ የሴቷ ይቀመጣል። ለከፈን እንደ ሴት አምስት ጨርቅ ቢደረግለት የተሻለ ነው። ማን ይጠበው በሚለው ላይ ሐነፊዮች ወንድም ሴትም ገላውን ሳያይ ተየሙም ይደረግለት ሲሉ፣ ሻፊዒዮች ደግሞ የቅርብ ዘመዶቹ ይጠቡት የሚለውን መንገድ ይዘዋል። ኢሕራም ሲገባ ምን ይልበስ ተብለው ታላቁ ቃዲ አቡ ዩሱፍ ሲጠየቁ ስለ ልብሱ ዕውቀት የለኝም ማለታቸው በዚያው ተጽፏል። የአባሲዮች ዋና ዳኛ «አላውቅም» ሲሉ አላፈሩም። ሐጅ አይሂድ ግን አላሉም።

ውርሱን ደግሞ እዩ። አባት ሞቶ አንድ ወንድ ልጅና አንድ ኹንሳ ልጅ ቢተው? ኢማም አቡ ሐኒፋ ንብረቱ ሦስት እጅ ተደርጎ ሁለቱ ለወንዱ፣ አንዱ ለኹንሳው ነው ይላሉ። ኢማም ሻፊዒ ለእያንዳንዱ ጥርጥር የሌለበትን ድርሻ ሰጥተው ቀሪውን ነገሩ እስኪገለጥ ያቆዩታል። ኢማም ማሊክ ዘንድ የወንድ ድርሻ ግማሽና የሴት ድርሻ ግማሽ ተደምሮ ይሰጠዋል። በዚሁ በግማሽና በግማሽ መንገድ የሐነፊዩ ኢማም ሙሐመድ ሲያሰሉት አሥራ ሁለት እጅ ሆኖ ሰባቱ ለወንዱ፣ አምስቱ ለኹንሳው ይደርሳል፤ አቡ ዩሱፍ ደግሞ በሌላ ስሌት ከሰባት አራትና ሦስት ያደርጉታል። እነዚህ ሰዎች በመብራት ዳር ተቀምጠው ከአሥራ ሁለት አምስት ነው ወይስ ከሰባት ሦስት እያሉ የተከራከሩት ለማን ነው? ምናልባት በሕይወታቸው አንድ ጊዜ እንኳ ላያገኙት ለሚችሉት ሰው ነው። መብቱ ቅንጣት እንዳይጎድል ነው።

ከእነርሱም በፊት የሆነ አለ። በሲራ ኪታቦች እንደተዘገበው፣ በጃሂሊያው ዘመን ዓረቦች ወደርሱ የሚዳኙበት ዓሚር ኢብኑ ዘሪብ የሚባል ሽማግሌ ነበር። አንድ ቀን ይህ ልጅ እንደ ወንድ ይውረስ ወይስ እንደ ሴት የሚል የኹንሳ ጉዳይ ቀረበለት። ሽማግሌው መልስ አጥቶ እንቅልፍ ነሣው፤ ሌሊቱን ሲገላበጥ አደረ። በጎቹን የምትጠብቅለት ሱኸይላ የምትባል ባሪያ ነበረችው፤ በጧት ዘገየሽ፣ ማታ ዘገየሽ እያለ ሁልጊዜ የሚቆጣት ናት። ምን ሆነሃል ብላ ጠየቀችው። አንቺን አይመለከትሽም አላት። ደጋግማ ብትጠይቀው ነገራት። እርሷም ሽንቱ በየት በኩል እንደሚመጣ እይና በዚያ ፍረድ አለችው። ሽማግሌው ተደሰተ፤ ከእንግዲህ እንዳሻሽ ዘግዪ አላት ይባላል። ይህ መለኪያ በእስልምናም ጸንቷል፤ ከዐሊይ (ረ.ዐ.) የተላለፈ ፍርድ አለበት። ጣዖት አምላኪ የነበረ ሰው ስለ አንድ ልጅ ድርሻ እንቅልፍ አጣ፤ መፍትሔውም ማንም ከቁም ነገር ከማይቆጥራት እረኛ መጣ። እኛ ሸሃዳ ይዘን ስለ ማን እንቅልፍ አጥተን እናውቃለን?

ሚንሃጅን በቀራሁበት ዘመን፣ ኹንሳ የሚለው ቃል ሲመጣ በሐለቃው ውስጥ ሳቅ አይጠፋም ነበር። ሸኻችን አንድ ቀን ኪታቡን ዘግተው፣ «ይህን ምዕራፍ የጻፉት ሰዎች ሲጽፉ የሳቁ ይመስላችኋል?» አሉና ዝም አሉ። ደረሳውም ዝም አለ። ትምህርቱ በዚያ ቀን አልቀጠለም።

ስለ ሐለቃ ከተነሣ ኢማም ቁርጡቢ በተፍሲራቸው ከቃዲ አቡ በክር ኢብኑል ዐረቢ ያስተላለፉት አንድ ነገር አለ። ቃዲው እ.ኤ.አ. በ1148 የሞቱ የአንደሉስ ሰው ናቸው፤ ከሱፊዩ ኢብኑ ዐረቢ ጋር እንዳይምታቱ። አላህ ለሻው ሴት ልጆችን፣ ለሻው ወንዶችን እንደሚሰጥ፣ የሻውንም መካን እንደሚያደርግ በሱረቱ ሹራ በተነገረበት ቦታ ላይ፣ ፍጡር ወንድና ሴት ብቻ ስለሆነ ኹንሳ የሚባል የለም ያሉ ሰዎች እንደነበሩ ጠቅሰው፣ ይህ የአላህን ችሎታ ስፋት አለማወቅ ነው ሲሉ ይመልሳሉ። ከዚያም በምሥራቅ አገር በኢማም ዳኒሽመንድ ዘንድ ሲማሩ ከመግሪብ የመጣ አንድ ኹንሳ አብሯቸው ይቀራ እንደነበር ይናገራሉ። ጢም የለውም፣ ጡት አለው። ረዥም ጊዜ አብረው ቢቆዩም ሐያእ ይዟቸው ስለ ሁኔታው እንዳልጠየቁት፣ በኋላ ግን ጠይቄው በነበረ እያሉ እንደተመኙ ይገልጻሉ። ሁለት ነገር ከዚህ አያለሁ። አንደኛ ያ ሰው ከመግሪብ ተነሥቶ ዒልም ፍለጋ ያን ያህል አገር ሲያቋርጥ ከሐለቃው ያባረረው የለም። ሁለተኛ፣ አጠገቡ የተቀመጠው ተማሪ ምንህ ነው ብሎ ገላውን አልመረመረም፤ አፈረ። ዛሬ በየሰፈሩ እንደዚህ ባለ ሰው ላይ ጣት እየቀሰሩ፣ በስልክ ፎቶ እያነሡ የሚሣለቁ ወጣቶች ያን ሐያእ ከየት ይማሩት?

እዚህ ላይ አንዳንድ ወንድሞቼ የሚያነሡትን ክርክር አውቃለሁ። «አንተ የምታወራው ስለ ኹንሳ ነው፤ እርሱ በፍጥረቱ ነው። በፓኪስታን ያሉት ግን አብዛኞቹ ሙሉ ወንድ ሆነው የተወለዱ፣ እንደ ሴት የሚለብሱ ናቸው። እነዚህን ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ረግመዋል» ይላሉ። ክርክሩ ቀላል አይደለም፤ ላልፈውም አልፈልግም። በሴቶች የሚመሳሰሉ ወንዶችና በወንዶች የሚመሳሰሉ ሴቶች መረገማቸው በቡኻሪ የተዘገበ ትክክለኛ ሐዲስ ነው። እርሱን የሚያስተባብል ከእኔ ዘንድ የለም። ነገር ግን ያንኑ ሐዲስ ያስተላለፉልን ሊቃውንት እንዴት እንደተረዱት ማየትም ግዴታችን ነው።

በመዲና «ሙኸነስ» የሚባሉ፣ አነጋገራቸውና እንቅስቃሴያቸው እንደ ሴት የሆነ ወንዶች ነበሩ። ኢማም ነወዊ የሙስሊምን ሰሒሕ ሲያብራሩ እነዚህን በሁለት ይከፍሏቸዋል። አንደኛው በፍጥረቱ እንዲያ የሆነ፣ ሆን ብሎ ያላመጣው ነው፤ በዚህ ላይ ወቀሳም፣ ኃጢአትም፣ ቅጣትም የለበትም። ሁለተኛው ተፈጥሮው ሳይሆን አስመስሎ የሚያደርገው ነው፤ የተረገመው ይህ ነው። ኢብኑ ሐጀር በበኩላቸው በፍጥረቱ የሆነውም ቀስ በቀስ ለመተው ይሞክር የሚል ጨምረዋል። እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፤ መንገድ ላይ የምታየው ሰው ከሁለቱ የትኛው እንደሆነ በምን አወቅህ? ልቡን ቀደህ አየህ?

በእመት ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ.) ቤት የነበረው ሂት የሚባለው ሙኸነስ ታሪክም የታወቀ ነው። በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ባለቤቶች ዘንድ ይገባና ይወጣ ነበር፤ ሱረቱ ኑር ለሴቶች ፍላጎት የሌላቸው ብላ ከጠቀሰቻቸው ወንዶች እንደሆነ ይቆጠር ስለነበር ነው። በጧኢፍ ከበባ ጊዜ ግን የአንዲትን ሴት ገላ ለኡሙ ሰለማ ወንድም ሲገልጽ ነቢዩ ሰሙት፤ ከዚያ በኋላ እንዳይገባ ከለከሉ። ነወዊ እንደሚሉት ተፈጥሮውን መጀመሪያ አልተቃወሙትም፤ የተቃወሙት የሴቶችን ምስጢር ሲያወጣ ነው። ከከተማም እንዲወጣ ተደረገ። በአቡ ዳውድ ዘገባ ግን፣ እንዲህ ከሆነ በረሃብ ይሞታል ተብለው ሲነገራቸው በየሳምንቱ ሁለት ጊዜ ከተማ ገብቶ እንዲለምንና እንዲመለስ ፈቀዱ። አባረሩት፤ እንዲራብ ግን አልተዉትም።

ሌላም አለ። እጅና እግሩን ሒና የተቀባ ሙኸነስ ወደ ነቢዩ ቀረበ፤ ወደ ነቂዕ ተላከ። እንግደለው ወይ ብለው የጠየቁ ነበሩ። ነቢዩም የሚሰግዱ ሰዎችን ከመግደል መከልከላቸውን ገለጹ። በዚህ ዘገባ ሰነድ ላይ የሐዲስ ሊቃውንት የተነጋገሩበት አለ፤ ትርጉሙ ግን ከኡማው የታወቀ መሠረት አይወጣም። በፔሻዋር የተኮሰው ሰው ይህን ሐዲስ አልሰማ ይሆን? ሰጋጅ መሆን ደምን ይጠብቃል።

ስለ ኸዋጃ ሲራዎች አኗኗር ደግሞ ጥቂት ልበል፤ ሳያውቁ መፍረድ ስለበዛ። ቃሉ የፋርስ ነው፤ በሙጋል ነገሥታት ዘመን የቤተ መንግሥቱን የውስጥ ክፍል የሚጠብቁ ጃንደረቦች የሚጠሩበት የክብር ስም ነበር። ዛሬ በፓኪስታን ይህ ስም ኹንሳውንም፣ የተሰለበውንም፣ በመንፈሱ ከሴቶች ጋር ነኝ የሚለውንም ባንድ ላይ ያጠቃልላል። ከቤቱ የተባረረ ልጅ ወደ አንድ «ጉሩ» ይጠጋል፤ ጉሩው እንደ እናትም እንደ ጌታም ናቸው፣ ልጁ «ቼላ» ይባላል። በአንድ ግቢ ይኖራሉ፤ የሚያገኙትን ለጉሩው ያገባሉ፤ ጉሩው ሲታመሙ ቼላዎቹ ያስታምማሉ። ልጅ በተወለደበት ቤትና በሠርግ ሄደው ይዘፍናሉ፣ ይመርቃሉ፤ ምርቃታቸው ይደርሳል ተብሎ ስለሚታመን ሰው ገንዘብ ይሰጣቸዋል። አስገራሚው ነገር ይህ ነው፤ የልጁ አባት በደጁ ምርቃታቸውን ይቀበላል፣ ያ ልጅ አድጎ እነርሱን የመሰለ ዕለት ግን ከዚያው ደጅ ያባርረዋል። ጭፈራውን፣ ከጭፈራውም የባሰውን ነገር ሐላል ነው አልልም፤ ሐራም ሐራም ነው። ግን ትምህርት ቤት ያልተቀበለውን፣ ሱቅ ያልቀጠረውን፣ ወንድሞቹ ውርሱን የካዱትን ሰው ለምን በጭፈራ ትኖራለህ ብሎ መጠየቅ ቀላል ነው።

እነዚህን ሰዎች በሕግ ወንጀለኛ ያደረጋቸው ማን እንደሆነ ስንቶቻችን እናውቃለን? ሸሪዓ አይደለም። እንግሊዞች ህንድን ሲገዙ እ.ኤ.አ. በ1871 ባወጡት የወንጀለኛ ጎሣዎች ሕግ «ጃንደረቦች» ብለው የጠሯቸውን በመዝገብ እንዲያዙ አደረጉ። በሴት ልብስ በአደባባይ የታየ ወይም የጨፈረ እስከ ሁለት ዓመት ይታሰር ነበር። የተመዘገበው ሰው ስጦታ መስጠት፣ መናዘዝ፣ ልጅ ማሳደግ ተከለከለ። ፉቀሃዎቹ ከአሥራ ሁለት አምስት እያሉ ያሰሉለትን ሰው እንግሊዝ ኑዛዜውን እንኳ ቀማው። ዛሬ «ባህላችን ነው» የምንለው ንቀት ስንቱ ከኪታብ፣ ስንቱ ከእንግሊዝ መዝገብ እንደመጣ ቢመረመር ደግ ነበር።

ጃንደረባ ካልሁ አይቀር ወደ አገራችን የሚያደርስ ነገር አለ። በመዲና የነቢዩን (ሰ.ዐ.ወ.) መቃብር የሚጠብቁ፣ መስጂዱን የሚያጸዱና የሚያበሩ «አጋዎች» የሚባሉ አገልጋዮች ለብዙ መቶ ዓመታት ነበሩ። ብዙዎቹ ሐበሾች ነበሩ፤ በሕፃንነታቸው ከዚህ አገር ተወስደው የተሰለቡ። የሰው ልጅን መስለብ በሃይማኖታችን ሐራም ነው፤ ያን ያደረጉት ነጋዴዎች በአላህ ፊት የሚመልሱት አላቸው። ግን ኡማው እነዚያን የተጎዱ ልጆች የት አኖራቸው? ወንድም ሴትም አይደላችሁም ብሎ ወደ በረሃ አልጣላቸውም፤ ከምድር ሁሉ ለሚወዱት ስፍራ በር ጠባቂ አደረጋቸው፤ ሐጃጁም ያከብራቸው ነበር። አጋዎች ከኸዋጃ ሲራዎች ጋር አንድ ናቸው አላልኩም፤ እነርሱ በሰው እጅ የተጎዱ ናቸው። የማነሣው ስለ ቦታ አሰጣጡ ነው።

በፓኪስታን በቅርብ ዘመን የሆነውንም ላጠቃልል። እ.ኤ.አ. በ2009 መጀመሪያ በታክሲላ ፖሊስ ለሠርግ የሄዱ ኸዋጃ ሲራዎችን አስሮ ሲያንገላታ፣ ጉዳዩን ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የወሰዱት የሸሪዓ ሕግ ሊቅ የሆኑት ጠበቃ ዶክተር ሙሐመድ አስላም ኻኪ ናቸው። በኢፍቲኻር ሙሐመድ ቾውድሪ የሚመራው ፍርድ ቤትም መታወቂያ እንዲያገኙ፣ ውርሳቸው እንዲከበር አዘዘ። እ.ኤ.አ. በጁን 2016፣ ከፔሻዋሩ ሞት ጥቂት ሳምንታት በኋላ፣ በላሆር የሚገኝ «ተንዚም ኢቲሓድ ኡመት» የተባለ ማኅበር ሃምሳ ኡለማዎች ፈትዋ ሰጡ። ልጁን ከውርስ የሚነቅል ወላጅ የአላህን ቁጣ ይጠራል፣ በእነርሱ ላይ መሣለቅ ሐራም ነው፣ ሲሞቱም እንደማንኛውም ሙስሊም ጀናዛቸው ይሰገድ፣ በሥርዓቱ ይቀበሩ ሲሉ ነበር። የአካል ምልክታቸው ለለየላቸውም ኒካሕ ፈቅደዋል። በ2017 የሕዝብ ቆጠራ ለመጀመሪያ ጊዜ በራሳቸው ዓምድ ተቆጠሩ፤ በመጀመሪያው ውጤት 10,418 ነበሩ። ያን ያህል ብቻ ነን ብሎ ከእነርሱ መካከል ያመነ ብዙ አልነበረም።

በ2018 ፓርላማው ሕግ አወጣ። ሕጉ አንድ ሰው በራሱ ስሜት ጾታዬ ይህ ነው ብሎ እንዲመዘገብ ይፈቅድ ስለነበር ብዙ ኡለማዎች ተቃወሙት። የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤትም በሜይ 2023 ይህንንና በዚሁ ላይ የተመሠረተውን የውርስ አንቀጽ ከሸሪዓ ጋር ይጋጫል ብሎ ሻረው፤ በውሳኔው ላይ ይግባኝ ቀረበበት። በዚህ ላይ የእኔን አሳብ ለሚጠይቅ፣ ጾታ በስሜት ብቻ ይመዝገብ የሚለውን ከፊቅሃችን ጋር ለማስማማት መንገዱ አይታየኝም፤ ፉቀሃዎቻችን በምልክት ነው የፈረዱት። ግን ውሳኔውን ሰምተው የጨፈሩ ሰዎች ግማሹን ብቻ ነው ያነበቡት። ያው ፍርድ ቤት እነዚህ ሰዎች በሕገ መንግሥቱ ያለው መሠረታዊ መብት ሁሉ እንዳላቸው፣ መንግሥትም እንዲያሟላላቸው ግዴታ እንዳለበት ተናግሯል። አንዱን አንቀጽ በጭብጨባ ተቀብሎ ሌላውን መዝለል ለሸሪዓ መቅናት አይደለም።

በኢስላማባድ ራኒ ኻን የሚባሉ ኸዋጃ ሲራ አሉ። በወጣትነታቸው በሠርግ ይጨፍሩ ነበር። አብራቸው ትጨፍር የነበረች የሞተች ጓደኛቸው በሕልም መጥታ ለወገኖቻቸው አንድ ነገር እንዲያደርጉ ለመነቻቸው። ጭፈራውን ትተው ቁርኣን ተማሩ፤ በ2020 ባጠራቀሙት ገንዘብ ሁለት ክፍል ያላት መድረሳ ከፍተው ለመሰሎቻቸው ቁርኣን ማስቀራት ጀመሩ። በራሳቸው መድረሳ መክፈት ያስፈለጋቸው በሌሎቹ መድረሳዎች ስለማይመቻቸው ነው። ከመግሪብ የመጣው ኹንሳ ከነኢብኑል ዐረቢ ጎን ተቀምጦ ቀርቷል፤ የዛሬዎቹ ለብቻቸው ክፍል ተከራይተው ይቀራሉ።

በከተማችን ይህ ጉዳይ የለም የምትሉ ትኖራላችሁ። ኹንሳ ሆኖ የሚወለድ ልጅ ግን በፔሻዋር ብቻ አይወለድም። የእኛ አገር ልዩነት መደበቃችን ነው። እናት ትደብቃለች፣ አባት ዘመድ አይግባብኝ ይላል፣ ልጁ ቁርኣን ቤት አይላክም፤ ለምን ቢባል ልጆች በጋራ ውኃ ሲታጠቡ እንዳያዩት ነው። እናንተ እንዲህ ያለ ልጅ ያላችሁ ወላጆች፣ ሐኪም ዘንድ ውሰዱት፤ ምልክቱን የሚለይ ሕክምና አለ፣ እርሱም የሱኸይላን ምክር የመሰለ ነገር ነው። ፊደልም ቁርኣንም አትንፈጉት። ድርሻውንም ከአሁኑ በምስክር አስቀምጡለት፤ እናንተ ስትሞቱ ወንድሞቹ ምን እንደሚያደርጉ አይታወቅም።

የመስጂድ ኮሚቴዎችንም የምጠይቃቸው አለኝ። በየመስጂዱ የጀናዛ አጣቢዎች ስም ዝርዝር አለ፤ የወንዶች በአንድ በኩል፣ የሴቶች በሌላ በኩል። ከሁለቱም ያልሆነ ሙስሊም የሞተ ዕለት ስልክ የሚደወለው ለማን ነው? ያን ቀን ጀናዛው ተዘርግቶ፣ የእድር ድንኳን ተተክሎ፣ ሰዎች ጥግ ይዘው እንደ ሆስፒታሉ ሠራተኞች ሊከራከሩ አይገባም። ከወዲሁ ሁለት አዋቂ ሰው ይመረጥ፤ የቅርብ ዘመድ ካለ እርሱ በጨርቅ ሸፍኖ ይጠበው፣ ከሌለ ተየሙም ይደረግለት፤ አምስት ከፈን ይዘጋጅ፤ ሌሎች ጀናዛዎች አብረው ካሉ በወንዱና በሴቷ መካከል ይቀመጥ። ያየ ሰው ያየውን እንዳያወራ ይማል። ወላሁ አዕለም።